እንጉዳይ የተባለውን ስሜን ስለ ማውረስ

ቅዳሜ፣ ጥር ፲፯ ቀን ፲፱፻፳፪ ዓመተ ምሕረት፣ በአዳማ፣ በአባቴ በአቶ አብተው ቤት ተጻፈ።

ኑዛዜ የሽማግሌና የሕመምተኛ ነገር መሆኑን አውቃለሁ። እኔ ግን ዕድሜዬ ዐሥራ ስድስት ነው፤ ጉንፋን እንኳ የለብኝም። ስለዚህ ይህን ለመጻፍ አፍሬ ሁለት ጊዜ የቀለሙን ቀንድ ከድኜ ተነሥቼ ነበር። አእምሮዬ ግን ደኅና ነው፤ ያስገደደኝም ሰው የለም።

ነገ ተድሬ ሞጆ እሄዳለሁ። በልማዳችን ሙሽራ ከባሏ ቤት ደጃፍ ስትደርስ አማቷ አዲስ ስም ታወጣላታለች፤ ከዚያ በኋላ በአባቷ ቤት ስም የሚጠራት የለም። ሐሙስ ዕለት የመጡት ሽማግሌዎች ለአባቴ ሲናገሩ ከጓዳ ሆኜ ሰማሁ፦ «ወይዘሮ ሮማነወርቅ ለልጅዎ አበበች የሚል ስም አዘጋጅተውላታል። አምና የሞተችባቸው ልጃቸው ስም ነው።» አባቴም «እንደ ወደዱ» አሉ።

እንግዲህ እንጉዳይ የምትባለው ልጅ ከነገ በኋላ ስለማትኖር፣ ያላትን ዛሬ ትናዘዛለች።

ምስክሮቼ ሦስት ናቸው። አዴ ዲንቄ፣ ጎረቤታችን፣ እናቴን ያዋለዱ፤ ዘርፉ፣ የወንድሜ የገሠሠ ሚስት፤ ኦቦ ደገፋ፣ በግቢያችን የሠርጉን ዳስ ሲሠሩ ለምኜ ያስገባኋቸው። ኦቦ ደገፋ «አንቺ ልጅ፣ ስንት ከብት ኖሮሽ ነው የምትናዘዢው?» ብለው ሳቁብኝ። አንገቴን ደፍቼ መጻፌን ቀጠልሁ።

አንደኛ፤ የእናቴ ነጠላ ለአዴ ዲንቄ ይሁን። እናቴ በሞተችበት ወር እርሳቸው ከአልጋዋ አጠገብ ተቀምጠው ውሃ ሲያጠጧት፣ እኔ ፈርቼ ደጅ እቆም ነበር። አለመግባቴን ይቅር ይበሉኝ።

ሁለተኛ፤ ዳዊቴ ለአባቴ ይመለስ። ማንበብ ያስተማሩኝ እርሳቸው ናቸው። «እንደ ወደዱ» በማለታቸው ግን አዝኛለሁ፤ ይህም ይጻፍ።

ሦስተኛ፤ ስሜን ለዘርፉ ልጅ አወርሳለሁ። ሕፃኗ ገና የአርባ ቀን ልጅ ናት፤ ስም አልወጣላትም፤ ሁላችንም ሚጢ እንላታለን።

የምትወርሰው ምን እንደ ሆነ ታውቅ ዘንድ የስሙን ነገር እጽፋለሁ። ከወንድሜ ከገሠሠ በኋላ፣ ከእኔ በፊት፣ እናቴ ሦስት ልጆች ቀብራለች። እኔ የተወለድሁት በሰኔ፣ የመጀመሪያው ዝናብ በጣለ ማግስት ነው። አዴ ዲንቄ እትብቴን ሊቀብሩ ወደ ጓሮ ሲወጡ፣ ትናንት አመድ በነበረው መሬት ላይ፣ ከአጥሩ ሥር፣ ነጫጭ እንጉዳይ ፈልቶ አገኙ። ገብተው ለእናቴ ነገሯት።

«ማን ዘራው?» አለች።

«ማንም።»

«ማንስ ጠበቀው?»

«ማንም።»

«እንግዲያው ይህችም እንደዚያ ትሁን» አለች። ዓይኗን ሳትነቅል የጠበቀቻቸውን ሞት ወስዶባታልና፣ ማንም ሳይጠብቀው መሬት ሰንጥቆ የሚወጣውን መረጠች።

ትንሽ ሳለሁ በስሜ አፍር ነበር። ውሃ ልንቀዳ ስንሄድ ልጆቹ በእንጉዳይ ሌላ ስም «የጅብ ጥላ መጣች!» እያሉ ይስቁብኝ ነበር። አሁን ግን እወደዋለሁ። በገበያ «አበበች!» ብሎ የሚጣራ ቢኖር ዐሥር ሴት ትዞራለች፤ «እንጉዳይ!» ቢባል የምዞረው እኔ ብቻ ነኝ። እንደ እኔ በሰው ፊት መናገር ለሚያቅታት ልጅ እንዲህ ያለ ስም ትልቅ ሀብት ነው።

ይህን አንብቤ ስጨርስ ዘርፉ ሕፃኗን ወደ ደረቷ ሳበቻት።

«ልጄን እንጉዳይ? ፍየል ትብላብኝ?»

ኦቦ ደገፋ ሳቁ። ዘርፉ ግን አልሳቀችም።

«አንቺ በሕይወት፣ በእግርሽ እየሄድሽ፣ ስምሽን ልጄ ትወርሳለች? አይሆንም። ደግሞስ የእኔን ማን ወረሰው?»

«የአንቺን ምንሽን?» አልኋት።

«ስሜን ነዋ። እኔ ደራርቱ ነበርሁ። እዚህ ደጃፍ ላይ፣ ከበቅሎ ሳልወርድ፣ እናትሽ ዘርፉ አለችኝ። አንቺም አጠገቧ ቆመሽ እልል ብለሻል።»

እውነት ነው፤ ብያለሁ። አምስት ዓመት ዘርፉ ብዬ ስጠራት የቀድሞ ስሟን አንድ ቀን አልጠየቅሁም። ለእኔ ስም ያን ያህል የተጨነቀችው እናቴም አልጠየቀችም።

አዴ ዲንቄ ወደ መሬት እያዩ «እኛ ቤት አሁንም ደራርቱ ነው የምንላት። እናንተ ፊት አንልም እንጂ» አሉ።

«ያን ጊዜ ለምን ዝም አልሽ?» አልኋት።

«ሁሉ እልል ሲል ማን ይሰማኛል? ከእልልታው በፊት መናገር ነበረብኝ። ፈራሁ።»

ብዕሩን ይዤ እርሷን ሳይ ወረቀቱ ላይ ቀለም አንጠባጠብሁ፤ ከላይ የሚታየው ነጠብጣብ እርሱ ነው።

ስለዚህ ሦስተኛውን ቃል ሰርዤአለሁ። ስሜን ለማንም አላወርስም። በቦታው ይህ ይጻፍ፦ ከዛሬ ጀምሮ በዚህ ቤት የወንድሜ ሚስት ደራርቱ ትባል፤ ገሠሠም ይህን ይስማ። ሕፃኗን እናቷ በወደደችው ስም ትጥራት።

አዴ ዲንቄ ጣታቸውን በቀለም ነክረው አተሙ። ኦቦ ደገፋም አተሙና ዳሱ ሳያልቅ እንዳይመሽባቸው ፈጥነው ወጡ። የቀረችው ምስክር ጣቷን ነክራ «ከማተሚያዬ አጠገብ ማን ብለሽ ጻፍሽኝ?» አለችኝ። አነበብሁላት። «እንደገና» አለች። እንደገና አነበብሁላት፤ ደራርቱ። ከዚያ አተመች።

እኔም ስሜን በእጄ ጻፍሁ፤ እንጉዳይ አብተው።

ነገ ወይዘሮ ሮማነወርቅ ደጃፋቸው ላይ ቆመው «አበበች» ሲሉኝ፣ እልልታው ሳይጀመር፣ ከበቅሎዬ ሳልወርድ እናገራለሁ። ድምፄ ይንቀጠቀጥ ይሆናል። «እመይቴ፣ ለአበበች ከእርስዎ ጋር አለቅሳለሁ፤ እኔ ግን እንጉዳይ ነኝ» እላለሁ።