አራት አዎ፣ አንድ አይ

ሰኞ፣ ጥቅምት 11። ከምሽቱ 2 ሰዓት።

ዛሬም በኮምፒውተር ጨዋታው ተሸነፍን። አርባ ሦስት ደቂቃ ፈጀ። ከሃያኛው በኋላ ያለው ጨዋታ አይባልም። ግንቦቻችን ፈርሰዋል፤ እነሱ በራችን ላይ ቆመው ይገድሉናል፣ እንነሳለን፣ እንደገና ይገድሉናል። ይብቃን ብዬ የእጅ መስጫውን ቁልፍ ተጫንኩ። የአምስታችንም ስክሪን ይጠይቃል፦ አዎ ወይስ አይ? አንድ ሰው እንኳ አይ ካለ ጨዋታው ይቀጥላል። ማን ምን እንዳለ አይናገርም፤ ቁጥር ብቻ ያወጣል። አራት አዎ፣ አንድ አይ። ሦስት ጊዜ ሞከርኩ። ሦስቴም ያው።

ዓይኔ ይቆጠቁጣል። ነገ በመጀመሪያው ክ/ጊዜ 11ኛ «ሐ» ፊዚክስ አለብኝ። ፈተናቸውን አላረምኩም። አላርምም።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 13። ከቀኑ 9 ሰዓት፣ መምህራን ማረፊያ።

ዝናብ። ግማሽ ክፍል ተማሪ ቀርቷል፤ የቡና ለቀማ ተጀምሯል።

ደብተሬ፣ ስለ ጨዋታው ስነግርህ ከረምኩ እንጂ ሰዎቹን አላስተዋወቅኩህም። ሙራድ፦ የኢንተርኔት ቤቱ ባለቤት። አባቱ ገበያው ዳር ጨርቅ ይሸጣሉ፤ እሱ ጨርቁን ትቶ ስምንት ኮምፒውተር ገዛ። ሰላም፦ ከሐዋሳ ተመድባ የመጣች ነርስ፣ ምላሷ ምላጭ። ምትኩ፦ የዚሁ የቦንጋ ልጅ፣ የግብርና ባለሙያ። ጋሽ ደምሴ፦ የአንድ ጽ/ቤት መዝገብ ቤት ኃላፊ፣ ሃምሳን ያለፉ። ከሁለት ዓመት በፊት ደብዳቤ ሊያስጽፉ ገብተው ከኋላችን ቆመው ሲያዩን ቆዩ፤ በነጋታው ወንበር ጠየቁ። ማውስ ሲይዙ እንቁላል የያዙ ነው የሚመስሉት። አምስተኛው እኔ። ከደሴ የመጣሁ፣ አራተኛ ዓመቴ፣ ሦስት ጊዜ ዝውውር ጠይቄ ሦስቴም «በመታየት ላይ ነው» የተባልኩ። ካፒቴን የሆንኩት ሌላው ሁሉ እምቢ ስላለ ነው።

ከሁሉም የምቀርበው ምትኩን ነው። በመጣሁ በወሩ ታይፎይድ ጥሎኝ ዘጠኝ ቀን ቤቱ አስተኝቶ ያስታመመኝ እሱ ነው። ያኔ ስሜን እንኳ በቅጡ አያውቅም ነበር።

እሁድ 24 ከጅማዎቹ ጋር ቀጠሮ አለን። ሁለቴ አሸንፈውናል። ባለፈው ሲሰናበቱን ቦንጋዎች መሸነፍ እንኳ አትችሉም፣ ያለቀ ነገር ታጓትታላችሁ ብለው ጻፉልን። አንገቴን አስደፋኝ። ምክንያቱም እውነት ነው። መሸነፉን ማወቅም ሞያ ነው። ጨዋታው ሲሞት፣ ሰዓቱ ሳያልፍ፣ «ጎበዞች ናችሁ» ብሎ መውጣት። የሰውም የራስም ጊዜ ይተርፋል። ይህ ያልገባው አንድ ሰው መካከላችን አለ።

ዓርብ፣ ጥቅምት 15። ከምሽቱ 2:30።

ተሸነፍን። አራት አዎ፣ አንድ አይ።

ከሽንፈት በኋላ ግምገማ እናደርጋለን። ማን እንደጀመረው አላውቅም፤ በቀልድ ነበር መሰለኝ። ቀን ሁላችንም በየመሥሪያ ቤታችን አንድ ለአምስት ተደራጅተን ስንገማገም እንውላለን፣ ማታ አምስት ሆነን ስንሸነፍ ሌላ መላ አልመጣልንም። አሁን ቀልዱ ቀርቷል። ጋሽ ደምሴ ቃለ ጉባኤ ይይዛሉ፣ አጀንዳ አለ፣ ሂስ አለ፣ ግለ ሂስ አለ።

አጀንዳ አንድ፦ አይ የሚለው ማነው? ሰላም ይውጣ አለች፣ እሷ ሥራ ላይ ቆማ ውላ ስትመጣ በቁሟ የሚያስገድላት ሰው ይውጣ። ሙራድ ወደ እኔ አየ። ካፒቴን ነኝ። ደክሞኛል። ምትኩ ላይ ጠቆምኩ። እልኸኛ መሆኑን፣ ካርታ እንኳ ሲጫወት እንደማይለቅ፣ ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም እንደሚባለው መሆኑን ተናገርኩ። ማስረጃ አልነበረኝም። አነጋገሬ ግን ማስረጃ ያለው ሰው አነጋገር ነበር።

ምትኩ ዓይኔን አየ። ከዚያ ሂሱን ተቀብያለሁ አለ። እንዲህ ብቻ። ለወደፊቱ አርማለሁ። ጋሽ ደምሴ ጻፉ። ብዕራቸው አንዴ ቆም ያለ መሰለኝ።

ሲወጣ ደህና እደሩ አላለም።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 16። ጠዋት።

ምትኩ ስልኩን አያነሳም። ሰላም ደውላለት አንሥቷል። ለቡና ጥራት ክትትል ወደ ዋጫ ከተማ ወርዷል፤ ሳምንቱን እዚያው ነው። ለእሁዱ ጨዋታ ትመጣለህ ወይ ስትለው፣ ጥፋተኛ ሰው እዚያ ምን ይሠራል አላት።

ይብላኝ ለሱ ልበል? አልቻልኩም። ቢሆንም ጥፋተኛው ተገኝቷል፤ ራሱ አምኗል። ልብስ አጠብኩ። አይደርቅም፣ በዚህ አገር በጥቅምት ምንም አይደርቅም።

ሰኞ፣ ጥቅምት 18። ከምሽቱ 2 ሰዓት።

በምትኩ ቦታ የሰላም ባልደረባ ገባ፣ ከላብራቶሪ። ጀማሪ ነው። በሃያ ስድስተኛው ደቂቃ አለቀልን፣ ቁልፉን ተጫንኩ።

አራት አዎ፣ አንድ አይ።

ሁሉም ወደ አዲሱ ልጅ ዞሩ። እሱም ደንግጦ የቱን እንደተጫነ እንደማያውቅ ተናገረ። ሳቁበት፣ አለፈ። እኔ ግን አልሳቅኩም። ሁለተኛ ጊዜ ጠየቅኩና አንገቴን ሳላዞር በዓይኔ ጠርዝ ወደ ጎን አየሁ። ከጎኔ የሚቀመጡት ጋሽ ደምሴ ናቸው። ቀስ ብለው፣ ማኅተም እንደሚመታ ሰው ተጠንቅቀው፣ ቀዩን «አይ» ተጫኑ።

ከዚያ የሆነውን አላስታውስም። ምትኩ ያላጠፋውን ነው የተቀበለው።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 19። ማታ።

ከት/ቤት ስወጣ ጋሽ ደምሴ በሩ ላይ ዣንጥላ ይዘው ይጠብቁኛል። እንዳየኋቸው አውቀዋል። ጭቃውን እያለፍን ብዙ መንገድ ሄድን። ዝም አይነቅዝም፤ የእሳቸው ዝምታ ደግሞ የሃያ ሦስት ዓመት ነው።

ከዚያ ነገሩኝ። ቃል በቃል ልጻፈው፦ «ሃያ ሦስት ዓመት ሙሉ እጄን ከሰው ጋር አወጣለሁ፣ ከሰው ጋር አወርዳለሁ። አምና አብራኝ የምትሠራ ልጅ ፋይል አጠፋሽ ተብላ ስትገመገም አለማጥፋቷን አውቃለሁ። ፋይሉ ወዴት እንደሄደም አውቃለሁ። እጄ ግን ከሁሉም ጋር ወጣ። እዚህ እናንተ ጋ ኮምፒውተሩ ሲጠይቀኝ ማንም አያየኝም። አይ እላለሁ። ደስ ይለኛል፣ ልጄ።»

እየተሸነፍን? አልኳቸው። እየተሸነፍንም፣ አሉ። እንደምናሸንፍ አስበው አያውቁም።

ስለ ምትኩ ጠየቅኳቸው። ፊታቸው ጠቆረ። ያን ዕለት ለመናገር አፋቸውን ከፍተው እንደነበር፣ እሱ ቶሎ ብሎ ሂሱን ሲቀበል እንደዘጉት ነገሩኝ። ለማንም አትንገርብኝ ብለው ለመኑኝ። የአባቴ ታላቅ የሚሆኑ ሰው ናቸው የሚለምኑኝ! እሺ አልኩ።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 21።

ሦስት ክ/ጊዜ አስተማርኩ። ምን እንዳስተማርኩ አላውቅም።

ቢያንስ ሂሳቡ ግልጽ ነው። ምትኩን ለማንጻት ጋሽ ደምሴን ማውጣት ነው። ጋሽ ደምሴን ለመሸፈን ምትኩን እንደቆሸሸ መተው ነው። ሰላም የሰማች ቀን ጋሽ ደምሴ ወንበሩን ያጣሉ፤ ቀድሞም እጃቸው ዘገምተኛ ነው ትላለች። ወንበሩን ቢያጡ ማታ ማታ የት ይሄዳሉ? ቤታቸው ሰው የለም።

የሚያናድደኝ ሌላ ነው። ጥፋቱ የኔ ነው፤ እኔ ግን ሁለቱን ሰዎች እየመዘንኩ ተቀምጫለሁ። የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 23። ከምሽቱ 3 ሰዓት። ደክሞኛል፣ ግን ልጻፈው።

በጠዋት ሚኒባስ ዋጫ ወረድኩ። በር አጠገብ፣ ጉልበቴ ላይ የሰው ዶሮ። ምትኩን ማድረቂያው ቦታ ቆሞ እርጥብ ቡና በእጁ እያገላበጠ አገኘሁት። ሰላም አለኝ፤ እንደ እንግዳ። ያ ከስድብ ይብሳል።

አንተ እንዳልሆንክ አውቄያለሁ፣ በድዬሃለሁ፣ አልኩት። ለምን ተቀበልክ? ትከሻውን ነቀነቀ። ካልተቀበልኩ ስብሰባው አያልቅም፣ ዓይንህ ቀልቶ ነበር፣ ብትተኛ ብዬ ነው፣ አለኝ። እንባዬ መጣ፣ ወደ ቡናው ዞርኩ።

ማን ነው ታዲያ? ሲለኝ ስም አልጠራሁም። እሱም ስሙን ትቶ ወደ እኔ ዞረ። «ቲቸር፣ አንተ እኮ በሰው ፊት ነው ያልከው። እዚህ ቡና መሀል ይቅርታ ብትለኝ ማን ሰማ? በሰው ፊት ያልከውን በሰው ፊት አንሣ።» ልክ ነው። አብረን ተሳፍረን ተመለስን። መንገዱን ሁሉ ተኛ፤ እኔ አልተኛሁም።

11 ሰዓት ላይ ሙራድ ቤት። ሁሉም አሉ። ጋሽ ደምሴ ደብተራቸውን ከፍተዋል፣ ፊታቸው አመድ መስሏል፤ ላጋልጣቸው የመጣሁ መስሏቸዋል። ሁለት ዓረፍተ ነገር አዘጋጅቼ ነበር። ጠፉኝ። ምትኩ አይደለም አልኩ። እኔ ነበርኩ።

እየጠየቅክም እየከለከልክም? አለ ሙራድ። አዎ። ለምን? አለ። ብቻ እኔ ነበርኩ፣ አልኩ።

ሰላም አልጮኸችም። በቀስታ፣ የራስህን ጥፋት በሚወድህ ሰው ላይ ለጠፍክ አለችኝ። ያስታመመህ ሰው ላይ። ግማሹ እውነት ነው፣ ከባዱ ግማሽ። ካፒቴንነቱ ወደ እሷ ዞረ፣ እኔ ከነገው ጨዋታ ወጣሁ፣ የላብራቶሪው ልጅ ይገባል። በሙሉ ድምፅ ጸደቀ። የጋሽ ደምሴም እጅ ወጥቷል፤ ግን እስከ ጆሯቸው እንኳ አልደረሰም። ምትኩ አንዴ እኔን አንዴ እሳቸውን አየ።

ደብተሬ፣ እጅ መስጠት እንዲህ መሆኑን አላውቅም ነበር። ቀላል ይመስለኝ ነበር፤ ቁልፍ ተጭኖ ወጥቶ እራት መብላት።

እሁድ፣ ጥቅምት 24። ከምሽቱ 1 ሰዓት።

አልሄድም ብዬ ነበር። ምትኩ መጥቶ ወሰደኝ። ከኋላቸው በርጩማ ላይ ተቀመጥኩ።

ጅማዎቹ በረቱብን። ሰላም ከኔ የተሻለች ካፒቴን ናት፣ ልመስክር፤ እስከ ሃያ አምስተኛው ደቂቃ እኩል ነበርን። ከዚያ መሀሉ ተሰበረ። በሠላሳ አንደኛው በራችን ላይ ደረሱ። ሰላም በክብር እንውጣ አለች፣ ከእንግዲህ የሚከለክል የለም፣ እና ቁልፉን ተጫነች።

የጋሽ ደምሴን ጀርባ ነበር የማየው። አይ ካሉ የኔ ውሸት ይወጣል፤ አዎ ካሉ ያችኑ አንዷን «አይ» ያጧታል። ይህን ትናንት ሳልዋሽ ላስብበት ይገባ ነበር። አላሰብኩም። ቁጥሩ አራት አዎ ላይ ቆመ። የቀሩት እሳቸው ናቸው።

ሄድፎናቸውን አወለቁ። ቀኝ እጃቸውን አወጡ፤ በስብሰባ ላይ ዕድል እንደሚጠይቅ ሰው። ሰላም ግራ ገብቷት፣ ይቀጥሉ ጋሼ፣ አለች።

«ደምሴ ነኝ። አልስማማም። እስከ ዛሬም ያልተስማማሁት እኔ ነኝ። መምህሩ ዋሽቶልኝ ነው።»

እጃቸውን ማውረድ የረሱ ይመስለኛል። ጅማዎቹ እየገደሉን ነው፣ ማንም ማውሱን አይነካም። መጀመሪያ የሳቀው ምትኩ ነው፤ የፌዝ ሳቅ አይደለም። ሰላም እኔን ዞራ አየችኝ፣ ከዚያ ወደ ስክሪኗ ተመለሰች። እንግዲያው አልሞትንም፣ ተጫወቱ፣ አለች። ስምንት ደቂቃ ተጨማሪ ቆየን። ተሸነፍን። ጅማዎቹ በርቱ ብለው ጻፉልን። ግምገማ አልተደረገም፤ ማንም አልጠየቀም።

ጋሽ ደምሴን እስከ ቤታቸው ሸኘኋቸው። በራቸው ላይ ሲደርሱ፣ ነገ ሦስት ሰዓት ላይ መሥሪያ ቤታቸው ስብሰባ እንዳለ ነገሩኝ። ያች ልጅ እንደገና ትገመገማለች፤ ከሥራ ሊያሰናብቷት ነው። ሌላ ነገር አላሉም። ቀኝ እጃቸውን በግራ እጃቸው ይዘው ቆመው ነበር።

እፈራላቸዋለሁ። እዚያ እንደኛ የሚስቅላቸው ሰው የለም፤ የሚሆነውም እራት የሚያስረሳው ሽንፈት አይደለም። ነገ እስከ አራት ሰዓት ክፍል አለኝ። ለምክትል ርዕሰ መምህሩ ደውዬ እንደማልገባ ነገርኳቸው፤ ምክንያት ሲጠይቁኝ አልሰጠሁም። ከሁለት ሰዓት ተኩል ጀምሮ በጽ/ቤቱ በር ላይ እቆማለሁ። አያስገቡኝም፣ አውቃለሁ። ሲወጡ ግን ዣንጥላ ይዤ እጠብቃቸዋለሁ።