የታረቅንበት ቼክ

ጥቅምት 5
ለጥርስ ሐኪሙ የቀጠሮ ካርድ አተምን። «አያምም» የምትለዋን ቃል በደማቅ አስደረገኝ። ከሰዓት ፖሊስ መጥሪያ ይዞ መጣ። የጻፍኩት ቼክ «በቂ ስንቅ የለውም» ተብሎ ከባንክ ተመልሷል። ስንቅ! መንገደኛ ይመስል…

የትኛው ቼክ? ለካ ከሦስት ዓመት በፊት ለወረቀት ነጋዴው ለመያዣ የሰጠሁት ነው። «ቀን አትጻፍበት፤ ለእምነት ያህል ነው» ብለውኝ ነበር። የሚያምኑኝ ከሆነ ለምን እንደምፈርም አልጠየቅኩም።

ጥቅምት 6
ለባለቤቴ ነገርኳት።
«ገንዘቡ አለብህ?»
«ወረቀቱን በዱቤ ወስጃለሁ። አለብኝ።»
«ታዲያ ምኑ ገረመህ?»
እውነትም። እራቴን በላሁ።

ጥቅምት 14
ነጋዴው ቤት ሄድኩ። ሽማግሌው ታመዋል፤ ሱቁን የያዘው ልጃቸው ነው። ቼኩ ላይ ቀን ጽፎ ባንክ የወሰደውም እሱ። መቼስ ጽሕፈቱ ያምራል።
«ጋሼ፣ መሳቢያ ሳጸዳ ነው ያገኘሁት» አለኝ።
አባትየው ከአልጋቸው ቀና አሉ። «ዝም በል አንተ! ሰውየው አቧራ ነው?» ወደ እኔ ዞረው፣ «ክፈለኝ፣ ክሱን አነሳለሁ። በሞቴ፣ አትጨነቅ።»
ሊሞት የደረሰ ሰው «በሞቴ» ሲል እንዴት ይከለከላል?

ጥቅምት 28
ማተሚያ ማሽኑን ሸጥኩ። ስድስት ሰው ተሸክሞ አወጣው። ከፈልኩ። የዕርቅ ውል ተጻፈ፣ ተፈራረምን። እስር ቤት ቀረ ማለት ነው። ደስ ሊለኝ ይገባል… ነገ ይለኝ ይሆናል።

ኅዳር 9
ወንጀል ችሎት። ሽማግሌው በምርኩዝ መጡ። ኮሪደሩ ላይ አቀፉኝ። መዝገባችን ሲጠራ ተነሥተው፣ «ክሴን አንስቻለሁ» አሉ።
ዳኛው መነጽራቸውን አወለቁ። «አባት፣ ክሱ የእርስዎ አይደለም። የመንግሥት ነው።»
«ቼኩስ የማን ነው?»
«የእርስዎ።»
«ገንዘቡስ?»
«እሱም የእርስዎ።»
«ታዲያ መንግሥት ምን ቤት ነው?»
ሰው ሳቀ። ዐቃቤ ሕጓ አልሳቀችም፤ ጻፈች። ዕርቁ ከመዝገቡ ጋር ይያያዝ ተባለ፤ ቢፈረድብኝ ቅጣት ያቀልልኛል። ለካ ማሽኔን የሸጥኩት ለዚህ ነው።

ኅዳር 10
ማተሚያ ቤቴ ሄጄ ተቀመጥኩ። ወንበሩ አልተሸጠም።

ኅዳር 23
ጥፋተኛ ተባልኩ። ቅጣቱ ለሳምንት ተቀጠረ። ባለቤቴ ቦርሳ አዘጋጅታለች፦ ሁለት ሹራብ፣ ሳሙና፣ አንድ ወፍራም መጽሐፍ።
«የቱን መጽሐፍ ነው ያስገባሽው?»
«ያላለቀልህን።»
ምርጫው ሰፊ ነበር።

ኅዳር 30
አንድ ዓመት እስራት፣ በሁለት ዓመት ገደብ። ሁለት ዓመት ሌላ ጥፋት ካላጠፋሁ አልታሰርም። ሽማግሌው አልቻሉም፤ ልጃቸው ብቻ መጣ።
«ጋሼ፣ እኔ እዚህ ይደርሳል ብዬ…»
«አባትህን ሰላም በልልኝ» አልኩት።
ቤት ስገባ ባለቤቴ ቦርሳውን ከፍታ ሹራቦቹን ወደ ቁምሳጥኑ መለሰች። ከዚያ ጀርባዋን እንደሰጠችኝ አለቀሰች። እኔ ሳሙናውን ይዤ ቆሜያለሁ። የት እንደማስቀምጠው ጠፋኝ።

ታኅሣሥ 12
ትልቁ ማተሚያ ቤት አራሚ ይፈልጋል አሉ። ሄጄ ቅጽ ሞላሁ። «በወንጀል ተፈርዶብዎት ያውቃል?» ይላል፤ ለመልሱ ግማሽ መስመር። «ታርቀናል» ብዬ ጻፍኩ።
የቅጥር ክፍሏ ልጅ ቅጹን መለሰችልኝ። «ጋሼ፣ እዚህ ጋ አዎ ወይም አይደለም ነው የሚባለው።»
«ታርቀን እኮ ነው።»
«ቢታረቁም።»
ሰርዤ «አዎ» አልኩ። ይዛው ወደ ውስጥ ገባች። ቆየች… ተመልሳ፣ «ሰኞ ይጀምሩ» አለችኝና ጊዜያዊ መታወቂያ ሰጠችኝ።

ሃያ ስድስት ዓመት ባለ ማተሚያ ቤት ስባል ኖሬ፣ አሁን መታወቂያዬ «አራሚ» ይላል። አውቶቡስ ውስጥ ስህተት ፈለግኩበት። የለውም።