ሊቀመንበሩ የጠራው ለቅሶ

የኔ ጌታ፣ ጌትዬ፦

ሞትህን ከሰማሁ ይኸው ሁለተኛው ክረምት ወጣ። ካርቱም አፈር ውስጥም ብትሆን ሰላምታዬ ይድረስህ። እስካሁን ያልጻፍኩልህ ረስቼህ አይደለም፤ አንጀትህን የሚያርስ ወሬ እስካገኝ እየጠበቅኩ ነው። አሁን አገኘሁ።

መጀመሪያ የቤቱን ልንገርህ። ጣሪያውን በአዲስ የጓሳ ሣር አስከድኜዋለሁ፤ ዘንድሮ አያፈስም። ገብሱን ውርጭ መታው እንጂ በጎቹ ደህና ናቸው። እናትህ ከእኔ ጋር ናቸው። ዓይናቸው ደክሟል፤ ምላሳቸው ግን አንተ እንደምታውቀው ነው፤ ዛሬም ጨው አበዛሽ ብለው ይቆጡኛል።

«ጓሳ ባንድ» ብላችሁ አራት ሆናችሁ ሞላሌ ቀበሌ አዳራሽ የተጫወታችሁበትን ቀን እስከ መቃብሬ አልረሳውም። ሰዉ መሰንቆ የለም ወይ እያለ ግማሹ ወጣ። የቀበሌው ሊቀመንበርም ተነሥቶ አኮርዲዮንህን የታነቀ በግ ይመስላል አለ፤ ዘፈናችሁ ስለ አብዮቱ አንዲት ቃል የላትምና ከእንግዲህ በዚህ ከተማ እንዳትጫወቱ ብሎ አገደ። እሱ ሲስቅ ያልሳቀ ካድሬ አልነበረም። አንተ አኮርዲዮንህን በጋቢህ ጠቅልለህ፣ እንደታመመ ልጅ አቅፈህ ቤት ገባህ። ብዙም ሳትቆዩ በመተማ ሾልካችሁ ሱዳን ገባችሁ።

እዚያማ ሌላ ነገር ሆናችሁ! ካሴታችሁን ያመጣልን የከባድ መኪና ሾፌር ሲያወራ፣ ካርቱም ላይ ሙሽሮች እናንተን ካላገኙ የሠርጋቸውን ቀን ያዛውራሉ፤ አማርኛ የማይሰማው ሰው ሁሉ ግጥምህን በቃሉ ይዘፍነዋል አለን። እናትህ አላመኑም፤ ሦስቴ አስደገሙት። እኔ አምኜ ነበር። ከዚያ ወባ ያዘህ፤ ያው ሾፌር በሌላ ጉዞው መርዶህን ይዞ መጣ።

አስከሬንህ ስለሌለ እናትህ ልብስህን አውጥተው ደጅ አልጋ ላይ ዘረጉት። ጎረቤት ገና መሰብሰብ ሲጀምር ሊቀመንበሩ ጠመንጃ የያዙ ጥበቃዎቹን አስከትሎ ደረሰ። አገሩን ለከዳ ለቅሶ የለም ብሎ ሰዉን በተነው። እናትህ ለዋይታ የከፈቱትን አፋቸውን እንደያዙ ቀሩ። ጌትዬ፣ እሱን የጠላሁት ባንተ በሳቀ ጊዜ አይደለም፤ ያን ጊዜ ነው።

ዘንድሮ ካሴትህ ዞሮ አዲስ አበባ ገባ። ባለሥልጣኑ ሁሉ ወደደው። ዘፋኙ የሞላሌ ልጅ ነው ወይ ብለው ከአውራጃ ቢጠይቁት፣ ሊቀመንበሩ ደረቱን ነፍቶ እኛ ያሳደግነው ልጃችን ነው አለ! የኪነት ውድድር ደግሶ የአውራጃ እንግዶች ጠራ፤ ለቀበሌው የኪነት ቡድን ዘፈንህን እንዳስተምር አስጠራኝ። «ውዴ» የሚለውን አውጥቶ «ኅብረት ሥራ» አስገብቶበታል። ኅብረት ሥራ ሆይ፣ ዓይንሽ ናፈቀኝ እያሉ ሲዘፍኑ ሳቄን ዋጥ አድርጌ በደንብ አስተማርኳቸው። ዜማው ሳይበላሽ እንዲወጣ ፈልጌ ነበር።

በሰንበቴ ያሰብኩትን ለሴቶቹ በየጆሯቸው ነገርኳቸው። አንዷም አላወጣችም።

የውድድሩ ቀን አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ሊቀመንበሩ ካኪውን አስተኩሶ እንግዶቹ መሐል ተቀምጧል። የኪነቱ አኮርዲዮን የዘፈንህን መግቢያ እንደጀመረ ሴቶቹ ሁሉ ብድግ ብለው ነጠላቸውን እንደ ለቅሶ አዘቀዘቁ። እናትህን ደግፌ መሐል አስገባኋቸው። ልብስህን ከነጠላቸው ሥር አወጡና ያ ታፍኖ የከረመ ድምፃቸው ወጣ፦

ካርቱም ላይ ተቀብሮ ልጄ አልቃሽ ቢያጣ፣
ሊቀመንበሩ ነው ሕዝብ ይዞ የመጣ።

አዳራሹ በዋይታ ተናጋ። ወንዶቹም አለቀሱ፤ ያኔ መሰንቆ ያማራቸው ሳይቀሩ። የኪነት ልጆቹ ግራ ገብቷቸው መጫወታቸውን ቀጠሉ፤ ዘፈንህ አላቋረጠም። ከእንግዶቹ ትልቁ ሰውዬ የሟች እናት መሆናቸውን ሲረዳ ቆቡን አውልቆ ቆመ፤ ሌሎቹም ተከተሉት። ሊቀመንበሩ ብቻውን ተቀምጦ ቀረ። ትልቁ ሰውዬ ዞር ብሎ ቢያየው ተነሣ። ፊቱ አመድ መስሎ፣ እጁን አጣምሮ፣ ለቅሶህ እስኪያልቅ ድረስ ቆመልህ። ጠግቤ አየሁት።

በማግስቱ አሰረኝ። ይሰር! ከሞትክ ወዲህ እንደዚያ ደህና እንቅልፍ ተኝቼ አላውቅም። ሴቶቹ በየተራ ስንቅ እያመጡ ከቀበሌው በር አልነሣ ሲሉት ፈታኝ። አሁን ገበያ ሲገባ ማንም ሰላም አይለውም፤ ሚስቱ እንኳ ሰንበቴ መምጣት አፍራለች።

ባለፈው ሳምንት ሽማግሌ ላከብኝ። ይቅር በይኝ፣ ይብቃን ነው የሚለው። ሽማግሌዎቹን አክብሬ አስቀመጥኩ፤ እህል አቀረብኩ፤ ከዚያ እንዲህ ብላችሁ ንገሩልኝ አልኳቸው፦ የበደለው ባሌን ነው፤ ባሌ ካርቱም ነው። በመተማ በኩል ይሂድና እሱን ይቅርታ ይጠይቅ። መንገዱን እንዳይፈራ፣ እዚያ ያገኘውን ሰው ሁሉ ቢጠይቅ መቃብሩን ያሳየዋል።

እኔ በሕይወት እስካለሁ አንተን አልረሳህም፣ ጌትዬ። እሱንም አልረሳውም።

ሚስትህ አስካለ