ዋጋህን ሳትናገር ሄድክ

ታዴዬ፣

ከተለየኸኝ ዓመት ከመንፈቅ አለፈ። ዶራቪል ያለው ሱቃችን እዚያው ነው። የኋላውን ፍሪጅ አስቀየርኩ፣ የኪራዩንም ውል አደስኩ። ደህና ነኝ። ይህን የምጽፍልህ ግን ተናድጄ ነው።

ባለፈው ቅዳሜ ልጃችን ሊዲያ ዲኬተር ሲኒማ ቤት ወስዳ ድምፅ የሌለው የድሮ የጃፓን ፊልም አሳየችኝ። ልጁ ቶክዮ ሄዶ ሐኪም መሆን ይፈልጋል። አባቱ ጨርቅ ማቅለሚያ ቤት አለው፣ አርጅቷል። አትሂድ ያለው የለም። ልጁ ግን ሻንጣውን ፈታ፣ እጅጌውን ሰብስቦ እጁን ቀለሙ ውስጥ ነከረ። አዳራሹ በሙሉ አለቀሰ። እኔ አንተን አየሁና ደሜ ፈላ።

ሱቁን ስንከፍት የአርክቴክቸር ትምህርትህን አቋረጥክ። አይቆጭህም ወይ ብዬ ደጋግሜ ጠየቅኩህ፤ «ግድ የለም» አልክ። እኔ ነጋዴ ነኝ፤ ሰው ግድ የለም ካለኝ ተስማማ ብዬ እይዛለሁ። መማር እፈልጋለሁ ብትል ማታ ትማር ነበር፣ ወይም ሰው እንቀጥር ነበር። ዋጋህን ብትናገር እንከራከር ነበር። አንተ ዝም ብለህ ከፈልክ። ለቅሶ ቤት እህትህ «ወንድሜ ሕልሙን ለእሷ ብሎ ቀበረ» ስትል ሰማሁ። አብረን የደከምንበትን ሱቅ መቃብር አደረገችው። ምን ልመልስላት? መልሱ አንተ ጋ ነው።

ከፊልሙ ስንመለስ ሊዲያ ሲያትል ሥራ እንዳገኘች፣ ግን እንደማትሄድ ነገረችኝ። ለምን አልኳት።

«ግድ የለም ማሚ። አይ ሚን፣ ሱቁን ብቻሽን እንዴት...»

ነዳጅ ማደያ ገብቼ ፓርክ አደረግኩ። የምትፈልጊውን በአፍሽ ሳትናገሪ ይህች መኪና አትንቀሳቀስም አልኳት።

«ማሚ፣ ሰው እያየን ነው።»

ይዩ አልኳት። ተቆጣች፣ አለቀሰች፣ በመጨረሻ «መሄድ እፈልጋለሁ፤ ግን ለአንቺ እፈራለሁ» አለች። በቃ፣ ይኸው ነው። ከዚህ በኋላ መነጋገር ይቻላል። ጠዋት ጠዋት የምታግዘኝ ሴት ቀጠርኩ። ሊዲያ እሑድ ትሄዳለች። ከባድ ይሆንብኛል፤ ይህንንም ነግሬያታለሁ።

አልረሳህም። ካርቶን ላይ በእርሳስ ደረጃና መስኮት ስትሥል፣ ደንበኛ ሲገባ ደግሞ ካርቶኑን ቶሎ ስትገለብጠው፣ ያንን እስክሞት አስታውሳለሁ። በሚመጣው የሁለተኛ ዓመት መታሰቢያህ ቀን ግን ፓስተሩ ቆሞ ራሱን ለቤተሰቡ የሠዋ ሰው ብሎ ሲያመሰግንህ፣ እኔ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጬ አሜን አልልም።

ባለቤትህ