የደረጀ ቤት ምርቃት

ቅዳሜ፣ ጁን 12፣ 2021

ጠዋት ከስራ ገብቼ ጫማዬን ሳላወልቅ የሚስቴ ወንድም ደረጀ ኮል አደረገኝ። ነገ የሀብታሞቹ ሰፈር ደብሊን ውስጥ የገዛውን ቤት ያስመርቃል። የዛሬ መቶ ዓመት የነበሩትን የጃዝ ዘመን ሀብታሞች መስላችሁ ኑ አለ።

«ጋሼ፣ ዳቦውን ቆርሰህ የምትመርቀን አንተ ነህ።»

እኔ ስፖንሰር አድርጌ ከአገር ቤት ያመጣሁት፣ እዚህ ኢስትሙር ሰፈር ቤዝመንቴ ውስጥ ሁለት ዓመት የተኛ ልጅ!

ሚስቴ «ከጓደኞቹ አንሰን አንታይም» ብላ ሱፍና ባርኔጣ ተከራየችልኝ። ልጄ አይታኝ «ዳድ፣ ዩ ሉክ ሪች» ብላ ሳቀች።

መስታወት ፊት ቆሜ «እጥፍ ድርብ ያድርግልህ» ማለት ተለማመድኩ። አፌ ላይ የሚመጣው ግን «ይበቃሃል» ነው።

ለነገ የቀረኝ፦ መኪና ማጠብ፣ ጫማ መወልወል፣ ምርቃቱን ከልቤ ማለት። የሱፉ ኪራይም ገና አልተከፈለም።