ኒው ዮርክ ያልደረሱት ጎረቤት፦ የዶኛ ሄኖቬባ ፓጋን የሕይወት ታሪክ

ዶኛ ሄኖቬባ ፓጋን ከአባታቸው ከጸጉር አስተካካዩ ከዶን ኢሲድሮ ፓጋንና ከእናታቸው ከዶኛ ሴቬሪና ኮቶ፣ በፖርቶ ሪኮ፣ በካዬይ ከተማ፣ እ.ኤ.አ. ማርች 3 ቀን 1924 ተወለዱ። እንደተወለዱ አላለቀሱም፤ የጎረቤቱን አውራ ዶሮ አስመስለው ጮኹ ይባላል። ለዚህ አዋላጇ ምስክር ነበሩ፤ አሁን ግን በሕይወት የሉም።

ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ እስከ ስድስተኛ ክፍል ተማሩ። ከዚያ ያልገፉት የትምህርት ቤቱን ደወል በአፋቸው እየደወሉ ተማሪውን ያለ ሰዓቱ ወደ ቤቱ ስለሚሰዱት ነው። ከዚያም ከእናታቸው ጋር ትምባሆ ፋብሪካ ገብተው ቅጠሉን ከመሐል ጅማቱ እየለዩ ስድስት ዓመት ሠሩ።

በ1943 ዋና ከተማው ሳን ሁዋን ሄደው በሬዲዮ ድራማ የድምፅ ሠራተኛ ሆኑ። ለዝናብ ድምፅ ሩዝ ቆርቆሮ ላይ ሲያፈሱ፣ ፖንሴ ከተማ ያሉ ሴቶች ያሰጡትን ልብስ ያነሡ ነበር። በደሴቲቱ ምዕራብ ጫፍ ማያጉዌስ ላይ የምር ዘንቧል የሚሉም አሉ፤ ቤተሰቡ በዚህ አይከራከርም።

በ1946 ከአውቶቡስ ሾፌሩ ከዶን ሌዮንሲዮ ባሬቶ ጋር በጋብቻ ተሳስረው ሁለት ሴቶች ልጆች አፈሩ። ዶን ሌዮንሲዮ በ1953 በሳንባ ምች ዐረፉ።

በዓመቱ ቴሌቪዥን ሲመጣ፣ “ሦስተኛ ፎቅ” በተባለው ሳምንታዊ አስቂኝ ድራማ ሽንኩርት ልትበደር የምትመጣዋን ጎረቤት ሆነው መጫወት ጀመሩ። የቤቱ ባለቤት ሆነው የሚጫወቱት ዋናዋ ተዋናይ ዶኛ ሮሳውራ ቤላቫል ነበሩ። ድራማው ሳይቀረጽ፣ አዳራሽ ውስጥ ተመልካች ባለበት በቀጥታ ይተላለፍ ስለነበር የተሳሳተ ተሳስቶ ይቀራል። ሌላ የድምፅ ሠራተኛ ስላልነበረም ዶኛ ሄኖቬባ ሽንኩርታቸውን ይዘው እንደወጡ ከመድረኩ ጀርባ ሮጠው የስልኩን፣ የውሻውንና የመኪናውን ድምፅ በአፋቸው ያሰሙ ነበር።

ተመልካቹ ግን ከባለቤቲቱ ይልቅ በጎረቤቲቱ መሳቅ አበዛ። በ1957 ዶኛ ሮሳውራ ለአዘጋጁ “ወይ እሷ፣ ወይ እኔ!” አሏቸው። ደራሲውም ጎረቤቲቱ እንደ ብዙው የሀገራችን ሰው ሥራ ፍለጋ ኒው ዮርክ ትሂድ ብለው ጻፉ። ዶኛ ሄኖቬባ ሁለት ልጅ ይዘው ወደ ትምባሆው ሊመለሱ ነው።

ኦክቶበር 8 ቀን፣ ከምሽቱ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ፣ ሻንጣቸውን አንጠልጥለው መድረክ ላይ ተሰናበቱ። ዶኛ ሮሳውራ አቅፈው አለቀሱላቸው። የቀረው የሚወስዳቸው አውሮፕላን ድምፅ ብቻ ነው። እሱንም የሚያሰሙት ራሳቸው ናቸው።

አውሮፕላኑ ተነሣ። ዶኛ ሮሳውራ በመስኮት መሐረብ አውለበለቡ። ድምፁ ራቀ፤ ቀጠነ። ከዚያ አሳለው። ደግሞ አሳለው፤ አቃሰተና ዞሮ እየቀረበ መጣ። አዘጋጁ ከመጋረጃው ጀርባ “ሴትዮ፣ ሂጂ! ሂጂ እንጂ!” እያሉ አየሩን በእጃቸው ይገፋሉ። በሩ ተንኳኳ።

ዝግጅቱ ሊያልቅ ሦስት ደቂቃ ይቀረዋልና ዶኛ ሮሳውራ ዝም ብለው መቆም አልቻሉም።

“ማነው?”

“እኔ ነኛ! ሌላ ማን አለሽ?”

“ሄደሽ የለም እንዴ?”

“ሄጄማ ነበር። ባሕሩ መሐል ስንደርስ ፓይለቱ ‘ሽንኩርት ይኖርሻል?’ አይለኝ መሰለሽ! ክፈቺ በይ የኔ እመቤት፣ አውሮፕላኑን ደረጃው ላይ ነው ያቆምኩት!”

ተመልካቹ ሁለት ደቂቃ ሙሉ ሳቀ። ዶኛ ሮሳውራም ከፈቱ።

በማግስቱ ሕዝቡ ያመጣው ሽንኩርት የጣቢያውን በር ስለዘጋው ዘበኛው በመስኮት ገባ። አለቆቹም ጎረቤቲቱን ማንም እንዳይነካ አዘዙ። ዶኛ ሄኖቬባ ድራማው እስኪያበቃ፣ እስከ 1966 ድረስ ሠርተው ልጆቻቸውን አስተማሩ፤ ለወግ ለማዕረግም አበቁ። ዶኛ ሮሳውራ እነዚያን ዘጠኝ ዓመታት ከመድረክ ውጪ አላነጋገሯቸውም።

ዶኛ ሄኖቬባ ለሁለት ዓመት በልብ ሕመም ሲታከሙ ቆይተው ጃንዋሪ 14 ቀን 2009 በ84 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለይተዋል። ልጆቻቸውን ኔሬይዳንና ኦልጋን እንዲሁም አምስት የልጅ ልጆችን ትተዋል።

ከድራማው የተረፈ አንድም ምስል የለም። ከተዋንያኑም በሕይወት ያሉት የዘጠና ዓመቷ ዶኛ ሮሳውራ ብቻ ስለሆኑ፣ ይህ ጽሑፍ ከመታተሙ በፊት ተነበበላቸው። የሳቁ ርዝመት አንድ ደቂቃ ተብሎ ተጽፎ ነበር። “ሁለት ነው፤ አርሙት” አሉ። “እጄ የበሩ መያዣ ላይ ሆኖ የጠበቅኩት እኔ ነኝ።”

እንዳሉት ታርሟል።

እግዚአብሔር የዶኛ ሄኖቬባን ነፍስ በምሕረቱ ያሳርፍ፤ ለምንወዳቸው ሁሉ ብርታቱን ይስጠን።