ያፈረስኩት የስምንት ቤት

አስቱዬ፣

ከተለያየን ዘጠኝ ወር ሆነን። በጥቅምት ፀሐይ ነበር የሸኘንሽ፤ አሁን ሐምሌ ገብቶ ከሳሊተ ምሕረት አስፋልት እስከ ቤታችን ያለው መንገድ አንቺ የምትማረሪበት ጭቃ ሆኗል። ደብዳቤ እንደማይሆንልኝ ታውቂያለሽ። ልንጋባ ሰሞን የጻፍኩልሽን ወረቀት የመለዋወጫ ዝርዝር ይመስላል ብለሽ ለጓደኞችሽ ሁሉ አንብበሽብኛል። ይሄኛውም ከዚያ ባይሻል ታገሺኝ። ዘንድሮ ያየሁትን ለሌላ ሰው ብነግረው አይገባውም ብዬ ነው ላንቺ የምጽፈው።

እኛ ደህና ነን። ኤልዳና ሁለቱ የፊት ጥርሶቿ ወልቀው ስትስቅ አሮጊት ትመስላለች። ጸጉሯን ልሠራላት ሞክሬ አልሆነልኝም፤ የጎረቤታችን ልጅ ቅዳሜ ቅዳሜ ትሠራታለች። የቸርች እህቶች አሁንም እሁድ ከፕሮግራም በኋላ ጎራ ይላሉ፤ ምግብ ይዘው ይመጡና ወጥ ቤቱን አገላብጠው ይሄዳሉ፣ እኔም ሳምንቱን ሙሉ ማንኪያ ስፈልግ እከርማለሁ። ሱቄም እዚያው ወሎ ሰፈር ነው። ብሎኑም ኩሽኔታውም በየቁጥሩ ተሰድሮ ተቀምጧል፤ በዚህስ አልታማም።

አሁን ወደ ጥፋቴ ልግባ።

ከአትላስ ሆቴሎች የውሃ ፕላስቲክ ክዳን እየለመንሽ ስትመጪ «ቆራሌው መጣ» እያልኩ እቀልድብሽ ነበር። አስተናጋጆቹ ስለለመዱሽ አጠራቅመው ያቆዩልሽ ነበር። ክዳኑን በጋለ ምስማር እየበሳሽ፣ ሰማያዊና ነጩን በሲባጎ እየሰካሽ ለኬጂ ልጆችሽ ትሠሪያለሽ። ነምበር ቦንድ ይባላል አልሽኝ። ለልጆቹ ግን ቤት ነበር የምትዪው፤ የአምስት ቤት፣ የስምንት ቤት፣ የአስር ቤት። በስምንት ቤት ውስጥ ሦስት ሰማያዊና አምስት ነጭ የተሰካበት ክር አለ፤ ሁለትና ስድስትም አለ፤ አራትና አራትም አለ። ስምንት በስንት መንገድ ስምንት እንደሚሆን በዓይናቸው እንዲያዩት ነው ብለሽ ስታስረጂኝ፣ እኔ ዜና እያየሁ እህ እህ እልሽ ነበር።

ኅዳር ላይ ከበሩ ኋላ ያስቀመጥሽውን የክሮቹን ማዳበሪያ ማየት አቃተኝ። ለትምህርት ቤቱ ልስጠው ብዬ አወጣሁት። መቼም ታውቂኛለሽ፣ የተቀላቀለ ነገር ዓይኔን ይወጋኛል። ሰማያዊና ነጩ አንድ ክር ላይ ተደባልቆ ሳየው፣ ለመምህራኑ እንዲመች ብዬ መቀስ አነሳሁ። ሃምሳ ምናምን ክር ቆረጥኩ። ሰማያዊውን በአንድ ባልዲ፣ ነጩን በሌላ ባልዲ አድርጌ ሲባጎውን ጣልኩት። እግዚአብሔር ያሳይሽ፣ አስተካከልኩልሽ ብዬ ደስ ብሎኝ ነበር። ከዚያ መስጠቱም ከበደኝና ባልዲዎቹን ቁምሳጥን ላይ ሰቀልኳቸው።

የካቲት ላይ አንቺን የተካችው መምህርት መቀነስን ማስተማር ጀመረች። መጋቢት ላይ ጠራችኝ። ኤልዳና መደመሩን ከሁሉም ቀድማ ትጨርሳለች፤ አንድ ነገር ሄደ፣ ተበላ ወይም በረረ የሚል ጥያቄ ሲመጣ ግን እርሳሷን ታስቀምጣለች። «አምስት ወፎች ነበሩ፤ ሁለቱ በረሩ፤ ስንት ቀሩ?» የሚለው ወረቀት ሲሰጣት ወፎቹን አንድ በአንድ በጣቷ ትነካቸውና እጇን አጣጥፋ ትቀመጣለች። መምህርቷ ደግ ናት፣ አልተቆጣቻትም። ግን በዚህ ከቀጠለች ከጓደኞቿ ጋር አንደኛ ክፍል ልትገባ አትችልም አለችኝ። ከመገናኛ እስከ ወሎ ሰፈር ሚኒባስ ውስጥ ይሄንኑ ሳስብ ሄድኩ። እናቷን በጥቅምት ያጣች ልጅ ጓደኞቿን ደግሞ በመስከረም ልታጣ ነው።

እኔም የማውቀውን አደረግኩ። ከሥራ ስመለስ ጠረጴዛ ላይ ብርቱካን ደርድሬ፣ አራት ነበሩ፣ አንዱን አባዬ በላው፣ ስንት ቀረ አልኳት። እውነትም እንዲመስል ብዬ በላሁት። አለቀሰች። በማግስቱ በጣቶቿ ሞከርን፤ አንዱን ጣቷን አጥፌ ስንት ቀረ ስላት እጇን ከእጄ መንጭቃ ወሰደች። አንድ ቀን ትዕግሥቴ አልቆ ጠረጴዛውን መታሁት። ካንቺ ምን እደብቃለሁ፣ መታሁት። ከዚያ በኋላ ሳምንት ሙሉ አጠገቤ አልተቀመጠችም።

ሚያዝያ ውስጥ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ሌላ መላ ሲጠፋኝ ባልዲዎቹን አወረድኩ። ኤልዳና ወደ ውስጥ አየችና ቤቶቹስ አለችኝ። እኔ ነኝ የቆረጥኳቸው አልኳት። «ሁሉንም አፈረስካቸው አባዬ?» አለች። ሁሉንም አልኳት። ታለቅሳለች ብዬ ስጠብቅ ወለሉ ላይ ቁጭ አለችና ሲባጎ አምጣ አለችኝ።

ከዚያ ያየሁትን እንዴት አድርጌ ልንገርሽ። እኔ ስምንት ሰማያዊ ሰክቼ ሳቀብላት መለሰችልኝ። ስምንት ብቻውን አይደለም የሚኖረው አለችኝ፤ አነጋገሯ ቁርጥ አንቺን። ከዚያ ሦስት ሰማያዊ ሰካችና ከነጩ ባልዲ እየለቀመች ወለሉ ላይ ታስቀምጥ ጀመር። ከንፈሯ አይንቀሳቀስም፣ አትቆጥርም። አምስት ሲሆን እጇ በራሱ ቆመ። ተሳስታ ይሆናል ብዬ ቆጠርኩት፤ አምስት ነው። ቀጥላ ስድስት ሰካች፣ ሁለት አወጣች። አስራ ስምንት ዓመት ሙሉ ብሎን ስሸጥ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ እስከ ዛሬ አንድ፣ ሁለት እያልኩ ነው የምቆጥረው። እሷ ግን ሦስቱን ስታይ ገና ያልመጡትን አምስቱን አብራ ታያቸዋለች። የሌለውን ታየዋለች እኮ አስቱዬ።

ቀጥላ ደግሞ ዓይንህን ጨፍን አለችኝ። ከስምንቱ የተወሰኑትን በኩባያ ሸፍና ስንት እንደተደበቀ ጠየቀችኝ። ውጪ ሁለት ቀርተዋል። ጣቶቼን ከኋላዬ ደብቄ ቆጠርኩና አምስት አልኳት። ኩባያውን ስታነሳው ስድስት ነው። ከት ብላ ሳቀች። ከጥቅምት ወዲህ እንዲያ ስትስቅ ሰምቻት አላውቅም። ድገሚው አልኳት፣ አሁንም ተሸነፍኩ፤ ሆን ብዬ አልነበረም።

የስምንት ቤትና የአምስት ቤት ተሠርቶ ሲያልቅ ማንም ሳያዛት ቦርሳዋን ከፍታ ያንን የወፎች ወረቀት አወጣች። ከአምስት ቤት አንዱን ክር አንስታ ሁለት ክዳኖች ወደ ጫፍ ገፋች። ሦስት ብላ ጻፈች። የበረሩትስ አልኳት። «ወዲያ ናቸው፤ አልጠፉም» አለችና እንዳንቺ አተልቃ ከቋጠረችው ቋጠሮ ተጠግተው የቆሙትን ሁለት ክዳኖች አሳየችኝ።

ለካ በየክሩ በሁለቱም ጫፍ ያንን የሚያህል ቋጠሮ የምትቋጥሪው ለዚህ ኖሯል። እኔ ሲባጎ አባከንሽ እያልኩ ስነዘንዝሽ፣ አንድም ክዳን እንዳይወድቅ እያሰርሽው ነበር። እኔ ብርቱካኑን በልቼ ልጣጩን አሳየኋት። አንቺ የቀረውንም የሄደውንም አንድ ክር ላይ አድርገሽ በእጇ አስይዘሻት ነበር። ይሄን ሁሉ በውሃ ክዳን። ሲገባኝ እዚያው ወለሉ ላይ ተቀምጬ ቀረሁ፤ ልጅቷም ልታስነሳኝ አልሞከረችም፣ ክሯን ትሰካለች።

ግንቦት ላይ ክሮቹን ይዤ ትምህርት ቤት ሄድኩ። መምህርቷ ቆይተው ይመልከቱ ብላ ያቺን ጉልበቴን ከአገጬ የምታጋጭ የሕፃናት ወንበር ሰጠችኝ። አስር ልጆች ፊት ለፊት ተሰለፉ። ሌሎች ሁለት ልጆች አንሶላ ዘርግተው ያዙ፤ ስትጠቁማቸው ከአስሩ አንዳንዶቹ ከአንሶላው ኋላ ይገባሉ። ጨዋታውን ካንቺ ደብተር ነው ያገኘሁት አለችኝ። ፊት ለፊት አራት ሲቀሩ ክፍሉ ወዲያው ስድስት አለ። እኔ ከአንሶላው ሥር የሚታዩትን ጫማዎች እየቆጠርኩ ነበር፤ እነሱ ወደ ጫማውም አላዩም። በየቀኑ ጠዋት ሻይሽን ሳትጨርሺ እየሮጥሽ የምትሄጂው ወደዚህ ነበር? አንድ ቀን መጥቼ ሳላይሽ መቅረቴ እስካሁን ያንገበግበኛል።

በመጨረሻ ኤልዳና ብቻዋን ከኋላ ገባች። ዘጠኝ ልጆች ፊት ለፊት ቆመው እሷን በዓይኔ አጣኋት። ክፍሉ አንድ አለ። መምህርቷ፣ ሁሉም በአንድ ላይ ስንት ናቸው ብላ ጠየቀች። የመለሰችው ልጃችን ናት፣ ከአንሶላው ኋላ ሆና። አስር አለች፣ ረጋ ብላ።

ባለፈው ማክሰኞ አንደኛ ክፍል አስመዘገብኳት። አልፋለች፤ ከጓደኞቿ ጋር ናት። ፎርሙን ስሞላ የቤተሰብ ብዛት የሚል ቦታ ላይ ስደርስ እጄ ቆመ። ልጅቷ ክርኔ ሥር ቆማለች፣ ቁጥር እንደሆነ ታነባለች። ምን ላድርግ፣ ሁለት ብዬ ጻፍኩና በመዳፌ ከለልኩት። መዳፌን አነሳችው። አየችው። ከዚያ ማንም ሳይጠይቃት ለመዝጋቢዋ «ይሄ የሚታየው ነው፤ እኛ ሦስት ነን» አለቻት። ሴትየዋ ግራ ገብቷት ቀና ብላ አየችኝ። እኔም አዎ፣ ሦስት ነን አልኳት።

አስቱዬ፣ ይሄን ደብዳቤ ስጀምር አልረሳሽም ብዬ ቃል ልገባልሽ ነበር። እሱ ቀላል ነው፣ ልርሳሽ ብልስ የት አውቄበት። የምገባልሽ ቃል ይሄ ነው፤ ልጅሽ አድጋም ቢሆን ስንት ነን ብላ በጠየቀችኝ ቁጥር ከሦስት በታች አልመልስላትም።

ባልሽ